ውሃ የገባበት የባሕር ፕላትፎርም ብሬስ፦ የትኛው ብየዳ ቅድሚያ ይመርመር?

ሰላም ለመሐንዲሶች። የምሠራው አቡዳቢ ነው። ባለ አራት እግር፣ ሰው የማይኖርበት የነዳጅ ጉድጓድ ፕላትፎርም እጄ ላይ አለ። የውሃው ጥልቀት 25 ሜትር ገደማ ነው።

ጠላቂዎች በአልትራሳውንድ ሲፈትሹ አንዱ ሰያፍ ብሬስ (እግሮቹን የሚያያይዝ ባዶ የብረት ቱቦ) ውሃ ገብቶበት ተገኘ። በሥዕሉ መሠረት ግን ግራና ቀኙ የታሸገ ነው፤ ሆን ተብሎ የተተወ ቀዳዳም የለውም። የዝገት መከላከያው ደህና ነው። ከብር ክሎራይድ መለኪያ ኤሌክትሮድ አንጻር −0.92 ቮልት ተለካ፤ መስፈርቱ −0.80 ወይም ከዚያ በታች ስለሆነ ዝገት በልቶት ነው ለማለት ይከብደኛል። የምጠረጥረው ብየዳው ላይ የድካም ስንጥቅ (ጭነት ሲደጋገም የሚፈጠር) መኖሩን ነው። ሁለቱ ጫፎች ዛጎሉ ተጠርጎላቸው በዓይን ታዩ፤ ምንም የለም። በዚያ ድፍርስ ውሃ ግን ዓይን ብዙም አይታመንም።

ብሬሱን ከኮምፒውተር ሞዴሉ አውጥቼ በ100 ዓመት አንዴ የሚጠበቀውን ማዕበል ጫንኩበት። የጎረቤቱ መገጣጠሚያ የአቅም ምጣኔ (ጭነቱ ለአቅሙ ሲካፈል) 1.0ን አለፈ። ሞዴሉን እስኪወድቅ ድረስ ስገፋው ግን መዋቅሩ በቂ ትርፍ አቅም አሳየ። አለቃዬ «ቆሟል አይደል? በቃ!» አለ። የኤፒአይ (የአሜሪካ ፔትሮሊየም ተቋም) መመሪያ ግን በዓይን ብቻ የጉዳቱን መጠን ማወቅ ካልተቻለ ወደ ደረጃ 4 ምርመራ፣ ማለትም ብረቱን ሳይጎዱ በመሣሪያ ወደ መፈተሽ ውጡ ይላል። ይህን አሳይቼው እንደ ምንም ተስማማ።

ችግሩ ጊዜ ነው። ሻማል (የባሕረ ሰላጤው የሰሜን ምዕራብ ነፋስ) ሳይበረታ የጠላቂዎቹ መርከብ ይሄዳል። ስንጥቅ በሚያሳየው የማግኔት ዱቄት ማስመርመር የምችለው አንድ መገጣጠሚያ ብቻ ነው። እናንተ ብትሆኑ የምታስቀድሙት ከብሬሱ ጫፎች አንዱን ነው ወይስ አሁን ጭነቱን የተሸከመውን የጎረቤት መገጣጠሚያ?