የአጭር ፊልሙ ፕሮፖዛል፦ ታሪኩን እንቁረጥ

ሰብሳቢ፦ ሰላም ለሁላችሁ። እስካሁን የመጡት ሐሳቦች «የከተማ ሕይወት» በጅምላ ናቸው። በጅምላ ደግሞ ፊልም አይሠራም። አንድ ነገር እንያዝ።

ደራሲዋ፦ የእኔ የታክሲ መልስ ነው። ከፒያሳ ሜክሲኮ የሚሄድ ሚኒባስ። ወያላው ዝርዝር ያጣል። ለማይተዋወቁ ሁለት ተሳፋሪዎች አንድ ሃምሳ ብር ሰጥቶ «ተካፈሉ» ይላል። ሴትየዋ ጥቁር አንበሳ ወራጅ ናት፣ በሽተኛ ይጠብቃታል። ብሩ ያለው ሰውየው እጅ ነው።

ካሜራማን፦ አሪፍ ነው። ግን ቴሌብር የት ሄደ? ከ2013 ወዲህ እኮ ጀበና ቡና እንኳ በስልክ ይከፈላል።

ደራሲዋ፦ ይኑር! ለመላክ ስልክ ቁጥሯን መስጠት አለባት። ለማታውቀው ወንድ፣ ያውም በጠዋቱ።

አንጋፋው ተዋናይ፦ ልጄ፣ ወደ ፍቅር እንዳይሄድ ፈራሁ። ሰውየውን ሽማግሌ አድርጊው። ስልኩ የቁልፍ ነው። በቴሌብር አጭር ቁጥር በ*127# መላክ ይችላል፣ ግን ዓይኑ አያነብለትም። ስልኩን ለሴትየዋ ይሰጥና የሚስጥር ቁጥሩን ጮክ ብሎ ይነግራታል። ታክሲው ሙሉ እየሰማ!

ደራሲዋ፦ ጋሼ፣ ጨረሱት በቃ። እሷ ደንግጣ «ቀስ ይበሉ አባባ» ስትል፣ የኋላ ወንበር ሳቅ። አንዱ ጎረምሳ ቁጥሩን ሲደግመው ደግሞ ሳቁ ይቆማል።

ካሜራማን፦ ሽማግሌው ከየት ነው የመጣው?

ደራሲዋ፦ ፒያሳ፣ ዶሮ ማነቂያ ሰፈር ነበር የሚኖረው። ሰፈሩ በ2016 ፈረሰ። አሁንም ጊዮርጊስ ተሳልሞ ነው የሚመለሰው። ይህን በአንድ ዓረፍተ ነገር ብቻ ይናገር። የፍርስራሽ ምስል አልፈልግም፣ ለቅሶ ቤት ይሆንብናል።

ድምፅ ባለሙያ፦ እኔን ያስጨነቀኝ ሌላ ነው። ጥሩምባ፣ የሾፌሩ ሬዲዮ፣ የሚንኳኳ በር። የቁጥሩ ንግግር ካልተሰማ ፊልሙ የለም። እሑድ ማለዳ መንገዱ ሳይሞላ እንቅረጽ። የፒያሳን ሰልፍ ግን በሥራ ቀን ለብቻው እናንሳው፣ እሑድ ያ ግፊያ የለም። ወሩም ጥቅምት ይሁን፤ ክረምት ከሆነ ቆርቆሮው ላይ ዝናብ ነው የምንቀርጸው።

ገንዘብ ያዥ፦ ርዝመቱስ? ለኦስካር አጭር ፊልም እስከ 40 ደቂቃ ይፈቀዳል ሲባል ሰምታችሁ እንዳትለጥጡት።

ሰብሳቢ፦ 12 ደቂቃ። እንዲህ ልጻፈው፦ «በአንድ ታክሲ የተገናኙ ሁለት ሰዎች የጋራ መልሳቸውን ለመካፈል ሲሞክሩ፣ የማያውቁትን ሰው ምን ያህል ማመን እንዳለባቸው ይፈተናሉ።» ተስማማን?

ደራሲዋ፦ «ይፈተናሉ» ይውጣ፣ የትምህርት ቤት ይመስላል። «ይጨነቃሉ» በለው።

ገንዘብ ያዥ፦ በጀቱ ላይ የሚኒባሱን የቀን ገቢ፣ የሾፌሩንና የወያላውን አበል ጨምሩ። ወያላው እውነተኛ ይሁን፣ ተዋናይ በሩ ላይ እንደዚያ መንጠልጠል አይችልም።