አባዬን ቲቪ ላይ ሊያቀርቡት ነው፣ መናገር ግን ያስቸግረዋል

የኮዬ ፈጬዋ፦ ሰላም ቤተሰብ፣ አባዬ ስትሮክ ከመታው ወዲህ ቃል አይወጣለትም፣ የምንለው ግን ይገባዋል፣ ቀልድ ሁሉ ይስቃል። አንድ ጣቢያ ኮንዶሚኒየማችን መጥተን እንቅረፅ ብለው ጋዜጠኛዋ "አንቺ ታወሪያለሽ፣ እሳቸውን ዝም ብለን እናሳያለን" ስትለኝ ደሜ ፈላ። ምን ልበላት?

ካሜራማኑ፦ ጥያቄውን ቀድመው ይላኩ በያቸው። የፊዚክስ ሊቁ ስቲቨን ሆኪንግ እንኳ በ1985 እ.ኤ.አ. ጉሮሮው ተቀዶ ድምፁን ካጣ በኋላ በኮምፒውተር ነው ኢንተርቪው የሚሰጠው የነበረው፣ ለአንድ መልስ ደቂቃዎች እየተጠበቀ። ዝምታው ኤዲቲንግ ላይ ይቆረጣል። ደሞ ከስር የለቅሶ ዋሽንት እንዳይለቁባቸው አደራ!!

ሲስተር ከለገጣፎ፦ የሆኪንግ የጡንቻ ነርቭ በሽታ ነው ወንድሜ፣ የሳቸው አፌዝያ ይመስላል፣ ብዙ ጊዜ የአንጎል ግራ ጎን ሲጎዳ የሚመጣ፣ ቋንቋን እንጂ ማሰብን አይነጥቅም። አጭር ጥያቄ አንድ በአንድ፣ አዎ ወይ አይ የሚባልበት፣ ፎቶና እስክሪፕቶ አጠገባቸው ይሁን፣ ቃል ሲፈልጉ ቸኩላችሁ አትጨርሱላቸው። ጠዋት ሳይደክማቸው ይሻላል። ግን እሳቸውን ጠየቅሻቸው?

የኮዬ ፈጬዋ፦ አሁን ጠየኩት፣ ቁም ሳጥኑ ላይ ያለውን ኮት ጠቆመኝ 😂 ቅዳሜ ጠዋት ኑ ብያቸዋለሁ፣ ጥያቄውን ግን እስካሁን አልላኩልኝም