ከግብይት ቅደም ተከተል የሚገኘው ትርፍ የማን ተብሎ ይቆጠር?

ጤና ይስጥልኝ። ሐዋሳ የምኖር የማስተርስ ተማሪ ስሆን፣ የመመረቂያ ጽሑፌ ኤተሪየም በተባለው ብሎክቼይን (ብዙ ኮምፒውተሮች በጋራ በሚይዙት የግብይት መዝገብ) ላይ የግብይቶችን ቅደም ተከተል በመወሰን ስለሚገኝ ትርፍ ነው። አንድ ስሌት ላይ ቆሜ ሦስት ሳምንት ስላለፈኝ እርዳታችሁን እጠይቃለሁ።

በሞዴሌ አንድ የመገበያያ ገንዳ 100 ኢተር (የኤተሪየም ዲጂታል ገንዘብ) እና 200,000 የዶላር ቶከን (አንዱ እንደ አንድ ዶላር የሚቆጠር ዲጂታል ገንዘብ) ይዟል፤ ዋጋው የሚወሰነው የሁለቱ ብዜት ሳይለወጥ እንዲቆይ በማድረግ ነው። የአገልግሎት ክፍያውን ትተን፣ አንድ ተጠቃሚ በ20,000 ቶከን ኢተር ቢገዛ 9.09 ያገኛል። ትእዛዙን ከመጽደቁ በፊት ያየ ሰው ግን በ10,000 ቶከን ቀድሞት ገዝቶ ከኋላው ወዲያው ቢሸጥ፣ ተጠቃሚው 8.28 ብቻ ሲደርሰው ቀዳሚው ከ1,900 ቶከን በላይ ያተርፋል። ይህን በእጄ ደጋግሜ ስላሰላሁት ስህተቱ እዚህ አይመስለኝም።

ያስቸገረኝ ቀጥሎ ያለው ነው። ኤተሪየም በመስከረም 2015 ዓ.ም. ማይኒንግን (ኮምፒውተሮች በስሌት ተወዳድረው ግብይት የሚያጸድቁበትን ዘዴ) ትቶ በቫሊዴተሮች (ኢተር አስይዘው ግብይት በሚያጸድቁ) መሥራት ከጀመረ ወዲህ፣ ብዙዎቹ ቫሊዴተሮች ቅደም ተከተሉን ራሳቸው ከመወሰን ይልቅ ኤምኢቪ ቡስት በተባለ ሶፍትዌር አማካኝነት ከብሎክ ገንቢዎች (ግብይቶችን በቅደም ተከተል ደርድረው ብሎክ የተባለውን ጥቅል ከሚያዘጋጁ) መካከል ከፍተኛ ክፍያ ያቀረበውን ገንቢ ብሎክ፣ ይዘቱን ሳያዩ ይፈርማሉ። ስለዚህ ከቀዳሚው ትርፍ ከፊሉ ወደ ገንቢው፣ ከገንቢውም ወደ ቫሊዴተሩ ይሄዳል። የሦስቱን ገቢ ስደምር ድምሩ ከ1,900ው እጅግ ስለሚበልጥ አንዱን ገንዘብ ደግሜ እየቆጠርኩ ይመስለኛል።

እያንዳንዱ ለሌላው ያስተላለፈውን ቀንሼ የተጣራውን ብቻ ልመዝግብ ወይስ የቫሊዴተሩን ክፍያ ለብቻው ልለካ? ብሎኩን ራሱ የሚሠራ ቫሊዴተርንስ እንዴት ላስገባው? ገንዘቡ ከተራ ተጠቃሚ ኪስ የሚወጣ በመሆኑ በግምት ማለፍ አልፈልግም፤ እባካችሁ የምታውቁ አስረዱኝ።