ወደ አንደኛ ቤዝ መንሸራተት በታዳጊዎች ጨዋታ ይከልከል?

አወያይ፦ ጅማ ውስጥ ለታዳጊዎች ቤዝቦል ለማስጀመር በምንመክርበት በዚህ ቡድን፣ ኳስ የመታ ልጅ ወደ አንደኛ ቤዝ (ሯጩ መጀመሪያ ሊረግጠው ወደሚገባው ጠፍጣፋ ምልክት) ሲሮጥ በደረቱ መንሸራተቱ በውስጥ ደንባችን ይከልከል የሚል ሐሳብ ቀርቧል። ድጋፋችሁንም ሆነ ተቃውሟችሁን ከነምክንያቱ ጻፉልን።

የሩጫ አሠልጣኝ፦ ይከልከል እላለሁ። ከሆም ፕሌት (ኳስ ከሚመታበት ቦታ) እስከ አንደኛ ቤዝ ያለው ርቀት በአዋቂዎች ሜዳ 27.43 ሜትር፣ በሊትል ሊግ (በልጆች ቤዝቦል) ሜዳ ደግሞ 18.29 ሜትር ነው። ሯጩ ፍጥነቱን ጠብቆ የሚቆየው መሬቱን በእግሩ እየገፋ እስከሄደ ድረስ ብቻ ስለሆነ፣ ደረቱ መሬት በነካ ቅጽበት ግፊቱ ይቋረጣል፤ አፈሩም ይይዘዋል። በሁለተኛና በሦስተኛ ቤዝ ላይ መንሸራተት የሚጠቅመው፣ ቤዙን አልፎ የሄደ ሯጭ በኳስ ከተነካ አውት ስለሚሆን (ሩጫው ተቋርጦ ከሜዳ ስለሚወጣ) ነው። በአንደኛ ቤዝ ግን ወዲያው እስከተመለሰ ድረስ ረግጦ ማለፍ ተፈቅዶለታል። ስለዚህ ሳይዘል የቤዙን የፊት ጠርዝ ይርገጥና ይለፍ።

የቤዝቦል ተከታታይ፦ አሠልጣኝ፣ ያሉት ለአብዛኛው አጋጣሚ ልክ ነው። የቤዙ ጠባቂ የተወረወረለትን ኳስ ይዞ ከሯጩ ቀድሞ ቤዙን ከረገጠ ሯጩ አውት ነው። ሆኖም ውርወራው ተዛብቶ ጠባቂውን ከቤዙ ወደ ሆም ፕሌት አቅጣጫ ሲያስወጣው፣ ጠባቂው ቤዙን መርገጡን ትቶ ሯጩን በጓንቱ ለመንካት ይዘረጋል። ቀጥ ብሎ የሚሮጥ ልጅ ያን ጊዜ ጓንቱ ላይ ይገባል፤ ዝቅ ብሎ የተንሸራተተ ግን ሊያመልጥ ይችላል። የአዋቂዎቹ ደንብ የፈቀደውን እኛ ለምን እንከለክላለን?

ወላጅ፦ ደንቡ ፈቀደ ማለት ለልጅ ይመከራል ማለት አይደለም። እጁን ዘርግቶ የሚወድቅ ልጅ ጣቱ በጠባቂው ጫማ ሊረገጥ ይችላል፤ የጅማን ክረምትና ጭቃውን ደግሞ እዚህ ላለ ሰው መንገር አያስፈልገኝም። ቤዙን ካለፉ በኋላ ወደ ቀኝ መታጠፍ ግዴታ ነው ሲባል ስለሰማሁ ግን ይብራራልኝ።

የስፖርት መምህር፦ ግዴታ አይደለም፤ ወደ ግራ የታጠፈም ቢሆን ወደ ሁለተኛ ቤዝ ለመሄድ እስካልሞከረ ድረስ በመታጠፉ ብቻ አውት አይባልም። ይልቅ ሁላችሁም ግጭትን ዘነጋችሁት። ሯጩ በርቀቱ ሁለተኛ አጋማሽ ከፋውል መስመሩ (ከመጫወቻው ክልል የጎን ወሰን) ውጭ ባለ 91 ሴንቲሜትር መተላለፊያ እንዲሮጥ ይጠበቅበታል፤ ከዚያ ወጥቶ የውርወራውን ተቀባይ ካወከ አውት ይባላል። ቤዙ ግን ከመስመሩ ወደ ውስጥ ነው ያለው። ሕጉን ያከበረ ልጅ እንኳ በመጨረሻው እርምጃ ወደ ጠባቂው እግር መግባቱ አይቀርም፤ እንግዳ ሕግ ነው። የአሜሪካው ሜጀር ሊግ በ2024 መተላለፊያውን ወደ ውስጥ እስከ ሣሩ ጠርዝ ያሰፋውም በከንቱ አይደለም። ለእኛ የሚበጀን በሶፍትቦል (ቤዝቦልን በሚመስለው ጨዋታ) የተለመደው ድርብ ቤዝ ነው፤ ነጩ ለጠባቂው፣ ከመስመሩ ውጭ ያለው ብርቱካናማ ለሯጩ ይሆናል። ሸራ ገዝተን እዚሁ ማሰፋት እንችላለን።

የቤዝቦል ተከታታይ፦ ድርብ ቤዙን እደግፋለሁ፤ ክልከላውን አሁንም እቃወማለሁ።

የሩጫ አሠልጣኝ፦ ታዳጊ ልጅ ውርወራው መዛባቱን ለማወቅ አንገቱን ማዞር ሊኖርበት ነው፤ ዞሮ የሚያይ ሯጭ ደግሞ ይዘገያል።

የቤዝቦል ተከታታይ፦ ኳሱን ማየት አያስፈልገውም። ጠባቂው ከፊቱ ስለሆነ፣ እግሩ ከቤዙ ሲላቀቅና ጓንቱ ወደ ሯጩ መንገድ ሲዘረጋ ያያል። ይህን በልምምድ ማስተማር ይቻላል፤ ከከለከልነው ግን አንድም ልጅ አይማረውም።