የጣና ዳር የጋራ ዕቅዳችን፦ በርእሱ ላይ «ደን ልማት» ስንል ምን ማለታችን ነው?

የማኅበሩ ጸሐፊ፦

ውድ አባላት፣ ባለፈው ስብሰባ በተስማማነው መሠረት የጋራ ዕቅዱን ረቂቅ አዘጋጅቻለሁ። ዕቅዱ ሦስት ቦታዎችን የያዘ መሆኑን ታስታውሳላችሁ፤ አንደኛው ከባሕር ዳር ወደ ዘጌ በሚወስደው አቅጣጫ ያለው የተራቆተ ተዳፋት፣ ሁለተኛው ከአጥቢያው ቤተ ክርስቲያን አጥር ውጭ የሚገኘው እርሻ የነበረ መሬት፣ ሦስተኛው ደግሞ በክረምት ውኃ የሚተኛበት፣ በበጋ ከብት የሚሰማራበት የሐይቁ ዳርቻ ነው። ረቂቁን «በጣና ሐይቅ ዳርቻ የደን ልማት ሥራ» ብዬ ሰይሜው ነበር። ወደ እንግሊዝኛ ሲመለስ ግን አንድ አባል «አፎረስቴሽን» ብለው ጻፉት፤ ሌላ አባል «ሪፎረስቴሽን» ብለው አረሙት፤ እኔም ሁለቱን ሳስተያይ የአማርኛው ርእስ ራሱ የትኛውን እንደሚል መለየት አቃተኝ። ስለዚህ በጀቱንና የጊዜ ሰሌዳውን ከመንካታችን በፊት ይህን አንድ ቃል እንድናጠራው እጠይቃለሁ።

የደን ባለሙያው፦

ጥያቄው ተገቢ ነው። ሁለቱ የውጭ ቃላት የሚለያዩት በሥራው ዓይነት ሳይሆን በመሬቱ ታሪክ ነው። የዓለም የምግብና እርሻ ድርጅት አፎረስቴሽን የሚለው እስከዚያ ጊዜ በሌላ አገልግሎት ላይ በነበረ መሬት ላይ በተከላ ወይም ሆን ተብሎ በሚዘራ ዘር ደን ማቋቋምን ነው፤ ሪፎረስቴሽን ደግሞ በደንነት ተመድቦ በቆየ መሬት ላይ ደኑን እንደገና ማቋቋም ነው። በካርቦን ግብይት መንደር፣ ማለትም ዛፍ ከአየር የሚይዘው ካርቦን ተለክቶ በሚሸጥበት ሥርዓት፣ ትርጉሙ ከዚህም ይጠብቃል። የኪዮቶ ስምምነትን ለማስፈጸም እ.ኤ.አ. በ2001 ማራካሽ ላይ በወጣው ደንብ መሠረት፣ አንድ ቦታ ለአፎረስቴሽን ብቁ የሚሆነው ቢያንስ ለ50 ዓመት ደን ያልነበረበት ከሆነ ነው፤ ለሪፎረስቴሽን ግን በስምምነቱ የመጀመሪያ የግዴታ ዘመን እ.ኤ.አ. ታኅሣሥ 31 ቀን 1989 ላይ ደን እንዳልነበረበት ማስረዳት ይበቃ ነበር።

ከዚያ በፊት ግን «ደን» ራሱ ምንድን ነው የሚለው ይቀድማል። የምግብና እርሻ ድርጅቱ ከ0.5 ሄክታር የሚበልጥ ስፋት፣ ከ5 ሜትር የሚያልፍ የዛፍ ቁመትና ከ10 በመቶ በላይ የሆነ የቅጠል ጥላ ሽፋን ይጠይቃል። ሀገራችን ለደን ልኬት የምትሠራበት ትርጉም ደግሞ ስፋቱን 0.5 ሄክታር አድርጎ፣ ቁመቱን ወደ 2 ሜትር አውርዶ፣ የጥላ ሽፋኑን ወደ 20 በመቶ ከፍ አድርጎታል፤ ቀርከሃንም ይጨምራል። ስለዚህ በአንዱ መለኪያ ቁጥቋጦ የሚባለው በሌላው ደን ሆኖ ሊቆጠር ይችላል። የመጀመሪያው ቦታችን ለዚህ ምሳሌ ነው፤ ተዳፋቱ ላይ ያለው ክትክታና አጋም ገና ወገብ ላይ ቢሆንም፣ ከከብት ቢጠበቅ ከጥቂት ዓመታት በኋላ 2 ሜትሩን ያልፋል።

የኔታ፦

ባለሙያው ስለ መለኪያው የተናገረው መልካም ነው፤ እኔ ስለ ቃሉ ጥቂት ልበል። «ልማት» የሚለው ለማ ከሚለው ግሥ የወጣ ነው፤ ተቃራኒውም ጠፋ ነው። ጠፍ መሬት የሚባለው ሰውና ሥራ የተለየው መሬት ነው፤ የለማ መሬት የሚባለው ደግሞ እርሻም ይሁን ደን፣ እንስሳም ይሁን ሰው የበዛበት ነው። ስለዚህ «ደን ልማት» የሚለው ሐረግ ደን መብዛቱን እንጂ ከየት ተነሥቶ እንደበዛ፣ ቀድሞ ነበረ ወይስ አልነበረም የሚለውን አይናገርም። ጸሐፊያችንን ያስቸገረውም ይህ ነው። ቃሉ ጥፋት የለበትም፤ ሰፊ ስለሆነ ብቻ ነው።

«ተከለ» የሚለውን ደግሞ ተመልከቱት። ዛፍ ይተከላል፣ ምሰሶ ይተከላል፣ ድንኳን ይተከላል። አበው ቤተ ክርስቲያን ሲሠሩም «ደብር ተከሉ» ይባላል እንጂ ሠሩ ብቻ አይባልም። ደን ግን በአማርኛችን ተተከለ ሲባል ለጆሮ ይጎረብጣል፤ የሚተከለው ዛፍ ነው፣ ደን የሚሆነው ከቆየ በኋላ ነው። በጣና ዙሪያ ያየነውም ይኸው ነው፤ ደብር ሲተከል አጸዱ ይከበራል፣ አጸዱ ሲከበር ደኑ ራሱን ያበዛል። አጸድ ማለት የታጠረ፣ የተጠበቀ ቦታ ነው፤ ዐጸደ ወይን የሚለው የወይን ቦታ ነው፤ ዛሬ ሁሉ የሚያውቀው አጸደ ሕፃናትም ከዚያው የመጣ ነው። «ገዳም» የሚለውም በግእዝ መጀመሪያ ምድረ በዳውን፣ ዱሩንና ሜዳውን የሚያመለክት ነበር፤ መነኮሳቱ ወደ ዱር ስለገቡ የዱሩ ስም የማኅበራቸው ስም ሆነ። እንግዲህ በእኛ ልማድ ደንን ያቋቋመው ከመትከል ይልቅ መከለል ነው።

የችግኝ ጣቢያ ኃላፊዋ፦

የኔታ ያሉት እውነት ነው፤ ይሁን እንጂ መከለል ብቻውን የማያደርገው ነገር እንዳለ ከጣቢያ ልምዴ ልናገር። ጉቶና የዘር ክምችት በአፈሩ ውስጥ ባለበት ቦታ ከከብት መጠበቅ ይበቃል፤ ያቆጠቁጣል። ለብዙ ዘመን በሬ በተጠመደበት መሬት ላይ ግን ጉቶም ዘርም አይገኝም፤ ዙሪያውን ያጠርነው እንደሆነ መጀመሪያ የሚመጣው ሣር ነው፣ ቀጥሎ ቁጥቋጦ ነው፣ ጽድና ዝግባ እስኪመለሱ ድረስ ደግሞ የልጅ ልጅ ዕድሜ ይፈጃል። ሁለተኛው ቦታ እንዲህ ያለ ስለሆነ ችግኝ ማፍላት ይኖርብናል።

አንድ ቃል ደግሞ እንዳይረሳ። እኛ ሥራችንን የምንለካው «ጸደቀ» በሚለው ነው። የተተከለው ቁጥር በዕቅዱ ውስጥ በጉልህ ተጽፏል፤ የሚጸድቀው ግን አልተጻፈም። ከተተከለበት ሐምሌ በኋላ በመጀመሪያው በጋ ስንት እንደጸደቀ፣ በሁለተኛውም ስንት እንደቆመ ሳይቆጠር «ደን ለማ» ብሎ መጻፍ ተገቢ አይመስለኝም። ሐምሌ 22 ቀን 2011 ዓ.ም. በአረንጓዴ አሻራ ዘመቻ በአንድ ቀን ከ350 ሚሊዮን በላይ ችግኝ መተከሉ ተነግሯል፤ እኔም በዚያ ቀን ጭቃ ውስጥ ከቆሙት አንዷ ነኝ፣ ደስታውንም አልክደውም። ነገር ግን ተከላ የአንድ ቀን ሥራ ሲሆን ኩትኳቶው፣ አረሙና ጥበቃው የሦስት ዓመት ሥራ ነው። የዕቅዱ በጀት ግን ሦስት አራተኛውን ለአንዱ ቀን መድቦታል። ይህ በረቂቁ ቃል የተነሣ የመጣ ስሕተት ነው ብዬ አምናለሁ፤ «ተከላ» ስላልን ለተከላ መደብን።

የሐይቅ ዳር አርሶ አደሩ፦

እኔ በሌላ ቃል ላይ ቅሬታ አለኝ። ረቂቁ በመጀመሪያው ገጽ ላይ «የደን መልሶ ማልማት» ይላል። ባለሙያዎቻችን ይህን ሲጽፉ ሪፎረስቴሽን የሚሉትን ማለታቸው እንደሆነ ይገባኛል፤ ነገር ግን በከተማው ጠርዝ ለምንኖር ሰዎች «መልሶ ማልማት» ሌላ ትርጉም አለው። ሰፈር ሲፈርስና ነዋሪው ወደ ሌላ ቦታ ሲዛወር የሚሰማው ቃል ይኸው ነው። ረቂቁን ለጎረቤቶቼ ሳነብላቸው አንዲት እናት «ልጄ፣ መቼ ነው የምንነሣው?» ብለው ጠየቁኝ፤ ዛፍ ስለመትከል መሆኑን ለማስረዳት ግማሽ ቀን ወሰደብኝ። ሕዝቡ የፈራው ቃል በረቂቁ ላይ ካለ፣ ችግኙን በሌሊት የሚነቅል ሰው ቢገኝ ልንደነቅ አይገባም።

ሁለተኛ፣ ሦስተኛው ቦታ ደን እንዲሆን አልስማማም። አባቶቻችን በዚያ ዳርቻ ደንገል እንጂ ዛፍ አላወቁም፤ ታንኳ የሚሠራው፣ ዓሣ የሚራባውና ወፍ ጎጆ የሚሠራው በደንገሉ ውስጥ ነው። ከሩቅ ለሚያየው ዛፍ ስለሌለበት ባዶ መሬት ይመስለዋል፤ ለእኛ ግን ባዶ አይደለም።

የደን ባለሙያው፦

በሁለቱም ነጥቦች ላይ ጋሼን ሙሉ በሙሉ እደግፋለሁ፤ በሁለተኛው ላይም ጥቂት ልጨምር። አፎረስቴሽን በሚለው ቃል ውስጥ የተደበቀው አደጋ ይህ ነው፤ ደን ያልነበረበትን ቦታ ደን ማድረግ ሁልጊዜ ማሻሻል አይደለም። ረግረግና የተፈጥሮ ሣር የራሳቸው ሥራ አላቸው፤ ከላይ የሚወርደውን ደለል ያጠራሉ፣ ጎርፉን ያዘገያሉ። በተለይም ውኃ በብዛት የሚጠጣ ዛፍ በረግረግ ውስጥ ቢተከል ረግረጉን ሊያደርቀው ይችላል። ባሕር ዛፍ ስሙን ያገኘው ከባሕር ማዶ በመምጣቱ ነው፤ በዐፄ ምኒልክ ዘመን በ1887 ዓ.ም. ገደማ ወደ ሀገራችን ሲገባ የታሰበውም ለማገዶና ለቤት መሥሪያ እንጂ ለሐይቅ ዳርቻ አልነበረም። ጣና እ.ኤ.አ. በ2015 በዩኔስኮ የባዮስፌር ጥብቅ ቦታነት ሲመዘገብም ረግረጉ የክብሩ አንድ ክፍል ነበር። ስለዚህ ሦስተኛውን ቦታ ከደን ሥራው አውጥተን «የደንገል ዳርቻ ጥበቃ» በሚል ለብቻው እናስቀምጠው።

እዚህ ላይ አንድ ጥያቄ እንደሚነሣ አውቃለሁ። በአዊ ዞን በፋግታ ለኮማ ወረዳ አርሶ አደሩ በራሱ ማሳ ላይ ዲከረንስ የሚባለውን የውጭ የግራር ዓይነት ተክሎ፣ በመጀመሪያው ዓመት በመካከሉ ጤፍ ዘርቶ፣ ከዚያ ሣሩን አጭዶ፣ ከአራትና ከአምስት ዓመት በኋላ ለከሰል ይቆርጠዋል። ይህም እርሻ የነበረ መሬት ዛፍ መልበሱ ስለሆነ በመጽሐፉ ትርጉም አፎረስቴሽን ነው፤ በሳተላይት ሲታይም የወረዳው ሽፋን ጨምሯል። ለገበሬው ገቢ ያስገኘ ሥራ ስለሆነም አላንቋሽሸውም። ነገር ግን አንድ ዓይነት ዛፍ ብቻ በመሆኑ ከቅርብ ዓመታት ወዲህ የገባው የዝገት በሽታ ጉዳቱን አብዝቶታል፤ ሰብል እንጂ የኔታ አጸድ ያሉት ዓይነት ደንም አይደለም። እኛ በቃሉ ውስጥ የትኛውን እንደምንፈልግ ካልተናገርን፣ ሁለቱም በአንድ ስም ስለሚጠሩ ገንዘብ ሰጪው የቀለለውን ሊመርጥልን ይችላል።

የመጀመሪያውን ቦታ በሚመለከት ደግሞ ከወላይታ የምንማረው አለ። በሁምቦ 2,728 ሄክታር የተራቆተ ተራራ እ.ኤ.አ. በ2009 በካርቦን ግብይት ሥርዓት ሲመዘገብ፣ የሥራው ዋና ክፍል በአፈሩ ውስጥ የቀሩትን ጉቶዎች እንዲያቆጠቁጡ መርጦ መግረዝና መጠበቅ ነበር። የእኛም ተዳፋት ጉቶ አለው።

የማኅበሩ ጸሐፊ፦

ስለ አስተያየታችሁ አመሰግናለሁ። እትዬ ስለ በጀቱ ያሉትን ተቀብዬ ለጥበቃና ለቆጠራ የሚውለውን ድርሻ ከግማሽ በላይ አድርጌ እያረምሁት ነው። አንድ ነገር ግን ልጠይቅ፤ ሕጋችን ራሱ «የደን ልማት፣ ጥበቃና አጠቃቀም አዋጅ ቁጥር 1065/2010» ስለሚባል፣ «ደን ልማት» የሚለውን ፈጽመን ብንተወው ቢሮዎቹ ዕቅዱን በየትኛው ፋይል እንደሚያስቀምጡት ላያውቁ ይችላሉ። ምን ይመስላችኋል?

የኔታ፦

ሰፊው ቃል ለሰፊው ነገር ይቀመጥ። በሽፋኑ ላይ «ደን ልማት» ይጻፍ፤ በውስጥ ግን ለየቦታው የየራሱ ግሥ ይሰጠው። ደን ለነበረበት «መመለስ»፣ ላልነበረበት «ማቋቋም»፣ ለዳርቻው «መጠበቅ» ይባል።

የደን ባለሙያው፦

እስማማለሁ፤ ነገር ግን «ነበረ» ለማለት ማስረጃ ያስፈልገናል። ሽማግሌዎች የሚያስታውሱትን እንመዝግብ፤ ከዚያም በ1950 ዓ.ም. ገደማ በአባይ ተፋሰስ ላይ ከተነሡት የአየር ፎቶግራፎች ጋር እናስተያየው። ሁለቱ ከተስማሙ ክርክሩ ያልቃል፤ ካልተስማሙ ፎቶግራፉን እናምናለን፣ ሽማግሌዎቹም እንደማይቀየሙን ተስፋ አደርጋለሁ።

የማኅበሩ ጸሐፊ፦

እንግዲያው የተሻሻለው የርእስ ክፍል እንዲህ ይነበባል፦

«የደን ልማትና የሐይቅ ዳርቻ ጥበቃ የጋራ ዕቅድ። ይህ ዕቅድ በአንደኛው ቦታ ቀድሞ የነበረውን ደን ከከብትና ከምሳር ንክኪ በመከለልና ጉቶ በማስቆጥቆጥ ይመልሳል፤ በሁለተኛው ቦታ ለረጅም ዘመን እርሻ በነበረ መሬት ላይ ዋንዛ፣ ወይራ፣ ጽድ፣ ብርብራና ሰሳ በመትከል የቤተ ክርስቲያኑን አጸድ የሚቀጥል አዲስ ደን ያቋቁማል፤ በሦስተኛው ቦታ ዛፍ አይተክልም፣ ደንገሉን ከመታረስና ከልቅ ግጦሽ ይጠብቃል። የሥራው ውጤት የሚለካው በተተከለው ሳይሆን ከሦስት ዓመት በኋላ ጸድቆ በሚገኘው ቁጥርና በየቦታው ሽፋን ነው።»

በእንግሊዝኛው ቅጂ አንደኛው ቦታ ሪፎረስቴሽን፣ ሁለተኛው አፎረስቴሽን ይባላል፤ ሦስተኛው ሁለቱም አይባልም። የአንደኛው ቦታ ስያሜ ፎቶግራፉ እስኪታይ ድረስ በእርሳስ የተጻፈ ነው።

የችግኝ ጣቢያ ኃላፊዋ፦

ብርብራው ለእርሻው ጠርዝ ይሁን፤ ዋንዛውን ወደ መሐል አስገቡት። ከዚህ በቀር ተቃውሞ የለኝም።

የሐይቅ ዳር አርሶ አደሩ፦

እኔም እስማማለሁ። እሑድ ከቅዳሴ በኋላ በሰንበቴው ላይ ረቂቁን ለጎረቤቶቼ እንደገና አነባለሁ። ጸሐፊ ሆይ፣ «መልሶ ማልማት» የሚለው በአራተኛው ገጽ፣ በበጀቱ ሠንጠረዥ ራስጌ ላይ አሁንም አንድ ቦታ ቀርቷል፤ ከእሑድ በፊት ይውጣልኝ።