ከዶርዜ ወደ ጉጌ ተራራ በእግር ለመጓዝና በጋሞ ቤተሰቦች ቤት ለማደር ምን እናዘጋጅ?

ጥያቄ፦ ከአዲስ አበባ መምህርት

የተከበራችሁ አባላት፣ እኔና ሁለት የሥራ ባልደረቦቼ፣ እንዲሁም ከጀርመን ለዕረፍት የሚመጣው ታላቅ ወንድሜ፣ በታኅሣሥ ወር አጋማሽ በጋሞ ደጋ አምስት ቀን በእግር ለመጓዝ አስበናል። ከአርባ ምንጭ ወደ ዶርዜ ወጥተን፣ በጨንቻና በዶኮ በኩል አልፈን፣ ከተቻለ እስከ ጉጌ ተራራ መድረስ እንፈልጋለን። ሌሊቱንም በሆቴል ሳይሆን በገበሬዎች ቤት ማደር ነው ምኞታችን።

የሚያስጨንቀኝ አንደኛው ነገር ክፍያው ነው። በአገራችን ለመሸበት እንግዳ ማደሪያ ሰጥቶ ዋጋ መጠየቅ ነውር መሆኑን እያወቅሁ፣ አራት ሰው ሆነን ሰው ቤት ገብተን፣ በልተንና ጠጥተን በምስጋና ብቻ መውጣት ደግሞ በደል ሆኖ ይታየኛል። ለማን፣ መቼና በምን መልክ ይከፈላል? ከዚህ ሌላ፣ ከአራታችን ጋሞኛ የሚችል የለም፤ እኔና አንዷ ባልደረባዬ የገና ጾምን እንጾማለን፤ ወንድሜ ከፍታ ባለው ቦታ ከኖረ ብዙ ዓመት ሆኖታል፤ የአንዱ ባልደረባችን ጉልበት ደግሞ ቁልቁለት ላይ ያመዋል። መንገዱን የምታውቁ ብትመክሩን እናመሰግናለን።

መልስ፦ የአርባ ምንጭ ነዋሪ

ወሩን በደንብ መርጠዋል። ከኅዳር እስከ የካቲት ባለው ጊዜ ዝናቡ ስለሚቀንስ መንገዱ ይደርቃል፤ ከመጋቢት እስከ ግንቦት ባለው በልግ ግን ቀይ አፈሩ ከጫማ ሥር እየተጣበቀ አንዱን ሰዓት ሁለት ያደርገዋል። ነገር ግን በታኅሣሥ ሌሊቱ በጣም ይቀዘቅዛል፤ በላይኛው ደጋ ንጋት ላይ ውርጭ ሣሩን አንጥቶት ያገኙታል። ስለዚህ ቀን ላይ የሚሞቅዎትን ልብስ አይተው አይዘናጉ።

አርባ ምንጭ ከባሕር ወለል በላይ 1,300 ሜትር ገደማ ላይ ስትሆን ጨንቻ 2,700 ሜትር አካባቢ ላይ ትገኛለች፤ በመካከላቸው ያለው መንገድ ግን 40 ኪሎ ሜትር እንኳ አይሞላም። የጉጌ ጫፍ ደግሞ ወደ 4,200 ሜትር ይጠጋል። ይህን ሁሉ ከፍታ በአምስት ቀን ወጥቶ መመለስ ለለመደ ሰው ይቻል ይሆናል፤ ለእናንተ ቡድን ግን አልመክረውም። አምስት ቀን ብቻ ካላችሁ ጉጌን ትታችሁ በዶርዜ፣ በጨንቻና በዶኮ መንደሮች ረጋ ብላችሁ ተጓዙ። ጉጌን የግድ ማየት ከፈለጋችሁ ግን በዲታ በኩል ወደ ምዕራብ ስለምትሄዱ ቢያንስ ሁለት ቀን ጨምሩ።

የመጀመሪያውን ቀን በመኪና እስከ ዶርዜ ብቻ ወጥታችሁ እዚያው እደሩ። ዐቀበቱን ስትወጡ ዞር ብላችሁ ብታዩ አባያና ጫሞ ሐይቆች፣ በመካከላቸውም የእግዜር ድልድይ የሚባለው ጠባብ መሬት፣ ከእግራችሁ ሥር ተዘርግተው ይታያሉ። በዚሁ መንገድ ላይ ሕፃናት እየጨፈሩና እየተገለባበጡ መኪና ያስቆማሉ፤ ጠመዝማዛ መንገድ ላይ ሕይወታቸውን ለአደጋ ስለሚያጋልጡ ከመስኮት ሳንቲም አትወርውሩላቸው።

ከጨንቻ ወዲያ ያለው የእግር መንገድ ምልክት የለውም። ገበያተኛው የሚመላለስበት ቀጭን መንገድ በየእንሰቱ አጥር መካከል ስለሚከፋፈል፣ ካርታ ላይ አጭር መስሎ የታየ ርቀት ወንዝ ወርዶ ሸንተረር ሲወጣበት ግማሽ ቀን ይፈጃል። ስለዚህ ጋሞኛ የሚናገር፣ በመንደሮቹም የሚታወቅ አስጎብኚ ከዶርዜ ወይም ከአርባ ምንጭ ያዙ፤ በጨንቻ ወረዳው የባህልና ቱሪዝም ጽሕፈት ቤት ገብታችሁም የትብብር ደብዳቤ ብታጽፉ በየቀበሌው ማንነታችሁን ስትጠየቁ አትቸገሩም። ለጓዙ ፈረስ ወይም በቅሎ ተከራዩ፤ ጉልበቱን የሚያመው ባልደረባችሁ ባዶ ትከሻውን ቢሄድ ሕመሙ ይቀንስለታል። ማደሪያው ካልተመቻችሁ ደጅ ላይ የምትተክሉት አንድ ድንኳን ብትይዙም አይከፋም።

መልስ፦ ዶኮ ተወልዶ ያደገ፣ ሽሮ ሜዳ የሚኖር ሸማኔ

እኅቴ፣ ከላይ የተሰጠው ምክር ጥሩ ነው፤ በድንኳኑ ላይ ግን አልስማማም። ከጥቂት ዓመታት በፊት ወደ እናቴ ቤት የመጡ ተጓዦች ቤቱን አይተው፣ አመስግነው፣ ሲመሽ ግን ደጅ ላይ ድንኳን ተክለው አደሩ። እናቴ ሌሊቱን ሙሉ «ቤቴን ምን አጉድዬበት ነው?» ስትል አነጋች። ሰው ቤት ለማደር ከወሰናችሁ ወደ ውስጥ ግቡ፤ ድንኳኑን ሰው ለሌለበት የጉጌ አናት አቆዩት።

ወደ ጠየቁት ዋና ነገር ልመለስ። እርስዎ እንዳሉት እናቶቻችን ዋጋ አይጠሩም፤ ቢጠየቁም «የፈቀዳችሁትን» ይላሉ። ይህ መልስ ግን እንግዳውንም አስተናጋጁንም ያስቸግራል፤ የፈቀደው ያነሰ እንደሆነ የሚናገር የለምና። ስለዚህ ከመነሳታችሁ በፊት ከአስጎብኚው ጋር በአንድ ሰው፣ በአንድ ሌሊት ስንት ለቤቱ እንደሚከፈል ቁርጥ አድርጋችሁ ተነጋገሩ፤ የአስጎብኚው፣ የፈረሱና የቤቱ ክፍያ ሦስት የተለያዩ ሒሳቦች ይሁኑ። አንድ ጊዜ ሁሉም ገንዘብ በአንድ አስጎብኚ እጅ ተከፍሎ፣ እናቴ አምስት ሰው ሁለት ሌሊት አሳድራ ምንም ሳይደርሳት ቀርቷል። እንግዶቹ ከፍለናል ብለው በደስታ ሄዱ፤ እርሷም ነውር ነው ብላ አልጠየቀችም።

ገንዘቡን ጠዋት ከቁርስ በኋላ፣ አስጎብኚው ባለበት፣ በሁለት እጃችሁ ለእማወራዋ ስጡ። ለአባወራው ያላልኩበት ምክንያት አለኝ። እኛ ወንዶቹ እንሸምናለን፣ እናርሳለን፤ ፈትሉና እንሰቱ ግን የሴቶቹ ድካም ነው። እናንተ በአንድ እራት የምትበሉት ቆጮ፣ ለዓመታት ያደገ እንሰት ተቆርጦ፣ እርሷ ቁጭ ብላ ፍቃ፣ በቅጠል ጠቅልላ ጉድጓድ ውስጥ ለወራት አብላልታ ያወጣችው ነው። በየከተማው ባንክና ቴሌብር ቢኖርም ወደ ላይ ስትወጡ ስለማይሠራላችሁ ዝርዝር ብር ከአርባ ምንጭ ያዙ።

ቤቶቻችን በተለይ ዶርዜ ላይ ያሉት ከቀርከሃ ተሸምነው፣ በቀርከሃና በእንሰት ቅጠል ተከድነው ረጅም ሆነው የሚሠሩ ናቸው፤ ከፊት ሲታዩ የዝሆን ፊት ይመስላሉ። ምስጥ ከሥር ሲበላው ከታች ስለሚቆረጥ ቤቱ በየጊዜው እያጠረ ይሄዳል፤ በጣም ያጠረ ቤት ካያችሁ ዕድሜው የገፋ ነው ማለት ነው። ውስጡ ጨለማና ጭስ አለው፤ በአንድ ወገን ከብት ያድራል፤ መኝታችሁ መሬት ላይ በተነጠፈ ጅባ ወይም በቀርከሃ አልጋ ይሆናል። ቡልኮ ይደርቡላችኋል፤ የራሳችሁ የመኝታ ከረጢት ቢኖራችሁም ቡልኮውን እንቢ አትበሉ፤ ከላይ ጣል አድርጉት።

ሌላው፣ በመንደሮቹ መካከል ትልልቅ ዛፎች የከበቡት ሜዳ ብታዩ ባዶ ቦታ አይምሰላችሁ። ዱቡሻ ይባላል፤ አባቶች ተሰብስበው የሚመክሩበትና የተጣላ የሚታረቅበት ነው። በመስከረም 2011 ዓ.ም. አርባ ምንጭ ላይ ለበቀል የወጡ ወጣቶችን እርጥብ ሣር ይዘው፣ ተንበርክከው የመለሱት አባቶች የዚሁ ሥርዓት ልጆች ናቸው። ሳታስፈቅዱ አትቀመጡበት፤ ከቅዱስ ደኖቹም ቅርንጫፍ አትስበሩ።

መልስ፦ በጨንቻ አካባቢ የሠራች ነርስ

ስለ ጤናው ጥቂት ልጨምር። እናንተ ሦስታችሁ ከአዲስ አበባ ስለምትነሱ ሰውነታችሁ 2,300 ሜትር ገደማ ለምዷል፤ ዶርዜና ጨንቻ ብዙም አያስቸግሯችሁም። ወንድምዎ ግን እንደ ደረሰ ወዲያው ከሚጓዝ አዲስ አበባ ሦስት አራት ቀን ቢቆይ መልካም ነው። ከ3,000 ሜትር በላይ ስትሆኑ የምታድሩበት ከፍታ በአንድ ሌሊት ከ500 ሜትር በላይ አይጨምር። ራስ ምታት፣ ማቅለሽለሽና እንቅልፍ ማጣት ሲጀምረው እዚያው ይረፍ እንጂ ወደ ላይ አይውጣ፤ አረማመዱ ከተንገዳገደ ወይም ተቀምጦ ትንፋሽ ካጠረው ጨለማም ቢሆን ወደ ታች ይወሰድ። ጨንቻ ላይ ሆስፒታል አለ።

ወባው ከታች ነው ያለው። አርባ ምንጭ በምታድሩባቸው ሌሊቶች አጎበር ሥር ተኙ። ወንድምዎ ጀርመን ከተመለሰ በኋላ ባሉት ሳምንታት ወይም ወራት ትኩሳት ከያዘው፣ ጉንፋን ነው ብሎ ሳይቆይ አርባ ምንጭ እንደነበረ ለሐኪሙ ተናግሮ ደሙን ያስመርምር፤ እዚያ ያለ ሐኪም ካልተነገረው ወባ ላያስብ ይችላል።

ውኃ አፍልታችሁ ወይም በማከሚያ እንክብል አክማችሁ ጠጡ። ከብት ባለበት ቤት ቁንጫ ስለማይጠፋ ረጅም ካልሲ አጥልቃችሁ እደሩ። አስም ያለበት ሰው ካለ ከእሳቱ ራቅ ብሎ በበሩ በኩል ይተኛ።

አንድ ነገር ደግሞ አደራ እላለሁ። በመንገዳችሁ ላይ እግራቸው ያበጠ ሰዎችን ታገኙ ይሆናል። ብዙውን ጊዜ ፖዶኮኒዮሲስ የሚባለው የእግር እብጠት ነው፤ በዚህ በቀይ የደጋ አፈር ላይ ለዓመታት በባዶ እግር በመሄድ የሚመጣ እንጂ ከሰው ወደ ሰው የሚተላለፍ አይደለም። ሰዎቹ በመገለላቸው ከሕመሙ ያላነሰ ይጎዳሉ። እጃቸውን ይዛችሁ ሰላም በሏቸው፤ ቡና ከቀረበም አብራችሁ ጠጡ።

ጠያቂዋ፦

ሁላችሁንም ከልብ አመሰግናለሁ። ከባልደረቦቼ ጋር ተነጋግረን ጉጌን ለሌላ ዓመት አቆይተነዋል፤ ድንኳኑንም ትተነዋል። አሁን የቀሩኝ የጾሙ ነገርና ለሴቶች የሚሆን ምክር ናቸው። እንዲሁም ከክፍያው ሌላ ስጦታ መያዝ ተገቢ ከሆነ ምን ይሻላል?

መልስ፦ መንገዱን ከእኅቷ ጋር የተጓዘች

ጾሙ እንደሚያስቡት አያስቸግርም፤ ነገር ግን አስቀድሞ መነገር አለበት። ቆጮው፣ ጎመኑ፣ ድንቹ፣ የገብስ ቆሎውና በቅመም የሚፈላው የቡና ቅጠል ሁሉም የጾም ነው። ችግሩ እንግዳ ለማክበር ሲሉ ቅቤ የሚጨምሩበት መሆኑ ነው። ብዙዎቹ ቤተሰቦች ፕሮቴስታንት ስለሆኑ ጾሙ መያዙን ላያስተውሉ ይችላሉ፤ እኛ ሳንናገር ቀርተን፣ በቅቤ የራሰ ምግብ ከቀረበልን በኋላ እንቢ ማለቱ በጣም አሳፍሮናል። ዳጣ የሚባለው የበርበሬ ማባያ ግን ኃይለኛ ነውና ቀስ ብለው ይቅመሱት። ለመንገድ በሶ ይያዙ።

ሽንት ቤቱ ከቤቱ ራቅ ብሎ በእንሰቱ መካከል ስለሚሆን የእጅ ባትሪ በራስዎ አጠገብ አድርገው ይተኙ። ረጅምና ሰፊ ቀሚስ ቢይዙ ልብስ ለመቀየርም ሆነ ሜዳ ላይ ለመጸዳዳት ይጠቅማል። የወር አበባ መጠበቂያ ከመንደሮቹ እንደማያገኙ አስበው ይያዙ፤ የተጠቀሙበትንም በከረጢት ቋጥረው ወደ ከተማ ይመልሱት።

መልስ፦ ሸማኔው

ስጦታ ለየሕፃኑ ከረሜላና ብር ማደል አይሁን፤ ልጆቹን ለማኝ ያደርጋል። ለቤቱ ጥሬ ቡና፣ ጨው፣ ስኳርና ሳሙና ይበቃል። ነርሷ ያነሳችውን ሳስብ ደግሞ፣ ለምታድሩባቸው ቤቶች ልጆች ጠንካራ የተዘጋ ጫማ ብትይዙ ከሁሉም ይበልጣል፤ ቁጥራቸውን አስጎብኚው ደውሎ ያጣራላችሁ። በየመንደሩ ከሸክላ ሠሪዎቹም ጀበናና ድስት ግዙ፤ ከጥንት ጀምሮ ተገለው የኖሩ በመሆናቸው እንግዳ ወደ ቤታቸው አይመራም፤ እናንተ ራሳችሁ ጠይቃችሁ ሂዱ።

ሰላምታችን «ሳሮ» ነው፤ ምስጋናው «ጋላታይስ» ነው። ሁለቱን ቃላት ይዛችሁ ብትገቡ የቀረውን አስጎብኚው ይሞላላችኋል። ለመስቀል ግን ማደሪያ አትፈልጉ፤ ያን ጊዜ ሁላችንም ከሽሮ ሜዳ ወደ ቤታችን ስለምንገባ ቤቱ ይሞላል።

የመምጫችሁ ቀን ቢያንስ ሦስት ቀን ቀድሞ ይነገር። አራት እንግዳ ሳይታሰብ ሲመጣ እማወራዋ ያላትን ሁሉ አውጥታ ታቀርባለች፤ በማግስቱ ግን ቤቱ ባዶ ይሆናል። የጨንቻ ገበያ ማክሰኞና ቅዳሜ ስለሚውል፣ ከሁለቱ በአንዱ ቀን ጨንቻ እንድትደርሱ አድርጉ፤ የዶኮ ሰዎች እዚያው ስለሚገኙ አስጎብኚው ጎመኑንና ቡናውን ከእነርሱ ጋር ሆኖ ይገዛል፤ ወደ ማታ ሲመለሱም አብራችኋቸው ትወጣላችሁ።