ክራንቤሪ ሶስ ቀጠነብኝ፣ እንግዳ ማታ 1 ሰዓት ይገባል!

ሚሚ አራት ኪሎ (9፡05)
እባካችሁ ቶሎ የሚመልስልኝ! ለታንክስጊቪንግ (የአሜሪካኖቹ የምስጋና በዓል) እራት ክራንቤሪ ከሚባለው ጎምዛዛ ቀይ ፍሬ ሶስ እየሠራሁ ነው። 45 ደቂቃ ሙሉ ፈልቶ አሁንም ውሃ ነው። የያዝኩት አሠራር «104 ዲግሪ ሲደርስ አውርጂው» ይላል፣ ቴርሞሜትሩ ግን 93 ላይ ቆሞ ወይ ፍንክች! ግማሹ ፍሬ ፈንድቷል፣ ግማሹ እንዳለ ነው። መብራት ስለሄደ ከሰል ላይ ነው የጣድኩት። እንግዶቹ ማታ 1 ሰዓት ይመጣሉ። ምን ላድርግ?

ፉል በዳቦ (9፡07)
ሶሱ ሳይሆን ጉድ ነው የፈላው በይኛ።

ወይዘሪት ሽሮ (9፡08)
ኮርን ፍላወር ጨምሪበት፣ አለቀ።

ጾመኛው (9፡10)
ኅዳር 15 ጾመ ነቢያት ገብቷል እኮ። ሐሙስ ስለሆነ ፍስክ የመሰላችሁ ካላችሁ፣ ነቢያት ከገባ ሐሙስም ጾም ነው።

ማርማላታ (9፡12)
ወንድሜ፣ ሶሱ የጾም ነው። ፍሬ፣ ውሃ፣ ስኳር፤ ቅቤ የለው፣ እንቁላል የለው። የዶሮውን ነገር ለእንግዶቹ ተውላቸው።
ሚሚ፣ እስቲ እነዚህን መልሺ። ፍሬው ስንት ግራም ነው? ትኩስ ነው፣ ከፍሪዘር የወጣ ነው ወይስ ደረቅ? ውሃና ስኳርስ ስንት ስንት ገባ? ድስቱ ምንድን ነው? ይህን ሳናውቅ የምንሰጥሽ መልስ ሁሉ ግምት ነው።

ሚሚ አራት ኪሎ (9፡16)
340 ግራም ፓኬት ነው፣ ከአሜሪካ የመጣ፣ ፍሪዘር ውስጥ የነበረ። ለእንግዳው ትንሽ ስለመሰለኝ ሌላም ጨምሬበታለሁ። ስኳር 1 ብርጭቆ ነበር፣ ሲመረኝ ግማሽ ጨመርኩ። ውሃ 1 ብርጭቆ ነው፣ ግን ድስቱ እንዳይዝብኝ በየመሃሉ ጠብ ጠብ እያደረግኩበት ነው።

ፉል በዳቦ (9፡17)
ውሃ ቢወቅጡት እንቦጭ።

ጋሽ አራዳ (9፡21)
ልጄ፣ ቴርሞሜትሩ አልዋሸሽም። አዲስ አበባ ከባሕር ወለል በላይ 2,355 ሜትር ገደማ ላይ ናት። አየሩ ስለሚሳሳ ባዶ ውሃ እዚህ የሚፈላው በ100 ሳይሆን በ92 ዲግሪ አካባቢ ነው። 104 የሚለው ቁጥር የተጻፈው ከባሕሩ እኩል ሆኖ ለሚያበስል ሰው ነው፤ ትርጉሙም «ውሃ ከሚፈላበት 4 ዲግሪ ሲያልፍ» ነው። ያንቺ ቁጥር እንግዲህ 96 ነው። 104 እስኪሞላ ልጠብቅ ያልሽ እንደሆነ ከረሜላ ነው የሚወጣልሽ። 93 ማለት ደግሞ ከባዶ ውሃ በ1 ዲግሪ ብቻ የሚበልጥ ነገር አለሽ ማለት ነው። ውሃ ጠብ ባደረግሽ ቁጥር እሱ ወደ 92 ይመለሳል። ወደፊት ማርማላታ ስትሠሪም ይሆንሻል፦ መጀመሪያ ባዶ ውሃ አፍልተሽ ቴርሞሜትሩ የሚያሳየውን ያዢ፣ በላዩ 4 ደምሪ። ባቄላ ከተማችን ውስጥ ቶሎ የማይበስለውም በዚሁ በከፍታው ምክንያት ነው፣ ከሰሉን አትሙት።
ፍሬውን በተመለከተ፣ ክራንቤሪ ውስጡ አራት የአየር ክፍል ስላለው ይንሳፈፋል። ለሶስና ለጭማቂ የሚሆነው ሲለቀም ማሳውን በውሃ አጥለቅልቀው ፍሬው ላይ ሲንሳፈፍ ነው የሚሰበስቡት። ከአሜሪካ ምርት ከግማሽ በላይ የሚሆነው የዊስኮንሲን ነው። በዓሉ በኖቬምበር አራተኛ ሐሙስ እንዲሆን በሕግ የጸናውም በ1941 እንደ ፈረንጆቹ...

ፉል በዳቦ (9፡22)
ጋሼ፣ ዊስኮንሲን ደርሰው እስኪመለሱ ድስቱ ያርራል።

የካዛንቺስ ልጅ (9፡25)
እኔ ጥያቄው ራሱ አልገባኝም። ሶስ ምድጃ ላይ እያለ «ውሃ ነው» ማለት ምን ማለት ነው? ክራንቤሪን የሚያረጋው ፔክቲን የሚይዘው ሲቀዘቅዝ ነው። ትኩሱን አይተሽ ስትፈርጂ ሁልጊዜ ቀጭን ነው። 340 ግራም ፍሬ ከ200 ግራም ስኳርና ከ240 ሚሊ ሊትር ውሃ ጋር ከፈላ በኋላ ከ10 እስከ 12 ደቂቃ ይበቃው ነበር፤ እዚህ ከተማ 15 በይው። 45 ደቂቃ ስታፈይው ፔክቲኑን ራሱን ነው የምትሰባብሪው። ቴርሞሜትር ለዚህ ሶስ ማን አዘዘ?

ሚሚ አራት ኪሎ (9፡27)
ወንድም፣ ቆጣ አትበል፣ ማንኪያ ላይ አድርጌ አቀዝቅዤ አይቻለሁ። ይንጠባጠባል!

ወይዘሪት ሽሮ (9፡28)
ኮርን ፍላወር አልኩ እኮ።

የሆቴል ኩሽና (9፡31)
ዋናውን ነገር ዘለላችሁት። «ግማሹ እንዳለ ነው» ብላለች። ከፍሪዘር የወጣ ክራንቤሪ በ45 ደቂቃ ሳይፈነዳ አይቀርም፤ ገና በ5 ደቂቃው ጧ ጧ ይላል። ሚሚ፣ «ሌላም ጨምሬበታለሁ» ያልሽው ደረቁን ነው አይደል? ሱፐርማርኬት በትንሽ ፓኬት እንደ ዘቢብ የሚሸጠውን?
እሱ ተሰንጥቆ፣ በስኳር ተነክሮ የደረቀ ነው፣ እንዳይጣበቅም ብዙ ጊዜ ዘይት ይነካል። አይፈነዳም፤ ውሃ ጠጥቶ ያብጣል እንጂ ለሶሱ መርጋት የሚረዳው ነገር የለም። ስኳር ስላለበት ደግሞ ድስቱ ሥር የሚይዝብሽ እሱ ነው። ለዚያ ውሃ ጨመርሽ፣ ውሃው አቀጠነው።

ሚሚ አራት ኪሎ (9፡33)
አዎ ደረቁ ነው። አንድ መቶ ግራም ይሆናል። እና ጉድ ሆንኩ ማለት ነው?

ቀበና ማዶ (9፡34)
መራራነቱ ካስቸገረሽ ቁንጥር ቤኪንግ ሶዳ። ጎምዛዛውን ወዲያው ይገድለዋል።

የሆቴል ኩሽና (9፡36)
እንዳታደርጊው! ፔክቲን እንዲይዝ አሲዱ ያስፈልገዋል። ሶዳው አሲዱን ሲገድለው ሶሱ ጭራሽ አይረጋም፤ ያ ደማቅ ቀይም ወደ ሐምራዊ ይዞርብሻል። ለምሬት ቁንጥር ጨው ይበቃል።

ቀበና ማዶ (9፡37)
እሺ ሼፍ።

ጾመኛው (9፡38)
ጄላቲን ግን እንዳታስገቡ፣ ከእንስሳ ነው የሚሠራው። ያኔ የጾም መሆኑ ይቀራል።

ማርማላታ (9፡44)
ጉድ አልሆንሽም፣ 3 ሰዓት ከምናምን አለሽ። ድስቱን አልነገርሽንም። አልሙኒየም ከሆነ አሁኑኑ ወደ ስቴንለስ ድስት ገልብጪው። ይህ ፍሬ ኃይለኛ አሲድ ነው፤ አልሙኒየም ውስጥ በቆየ ቁጥር ቀለሙ ይጨልማል፣ ብረት ብረት የሚል ጣዕምም ይገባበታል።

ከዚያ በወንፊት አጥልዪ። ፍሬውን ለብቻ አስቀምጪ፣ አትጨፍልቂው። ከፍሬው የወጣው ፔክቲን ያለው በፈሳሹ ውስጥ ነው፣ ስለዚህ ፈሳሹን ብቻ አፉ ሰፊ በሆነ ድስት መልሰሽ ጣጂ። ፍሬ ስለሌለው ሥር አይዝብሽም፣ ውሃም መጨመር አይኖርብሽም። ክዳን አታድርጊ። በኃይል እየፈላ ወደ ግማሽ እስኪወርድ አማስይው። መጀመሪያ አረፋው ትንንሽና ነጭ ነው፤ እየተጠጋ ሲመጣ አረፋው ይተልቃል፣ ቀይ ያብረቀርቃል፣ ድምፁም ከቻቻታ ወደ ጥልቅ ቡልቅ ቡልቅ ይቀየራል። ከማማሰያው ጫፍ ሲንጠባጠብ ሁለት ጠብታ ተያይዘው አንድ ላይ ከወደቁ ደርሷል።

ማንኪያ ላይ አይተሽ አትፍረጂ። የብረት ሳህን በረዶ ወይም ቀዝቃዛ ውሃ ላይ አስቀምጪ፣ ግማሽ የሻይ ማንኪያ ጣል አድርጊ፣ 1 ደቂቃ ጠብቂ፣ በጣትሽ ግፊው። ፊቱ ከተጨማደደና ጣትሽ ያለፈበት መንገድ ካልተዘጋ አውርጂ። ከዚያ ፍሬውን መልሺበትና አንዴ ብቻ አፍልተሽ ጨርሺ።

45 ደቂቃ ስለፈላ ፔክቲኑ ተዳክሞ ሊሆን ይችላል። ለመጠባበቂያ 3 ጠንከር ያለ ዘይቱን ግዢ፣ ከመንገድ ዳር ፍራፍሬ ሻጭ ይገኛል። ሲነካ የሚለሰልሰውን አትውሰጂ፣ በበሰለ ቁጥር ፔክቲኑ ይቀንሳል። ቆራርጠሽ በ1 ብርጭቆ ውሃ 20 ደቂቃ ቀቅይ፣ ሳትጨምቂ አጥልዪ፣ ፈሳሹን ድስቱ ውስጥ ጨምሪ። ዘይቱን ከጠፋ የ3 ሎሚ ፍሬ በሻሽ ቋጥረሽ አብረሽ አፍልተሽ አውጪው።

ፉል በዳቦ (9፡46)
ከሎሚ ፍሬ መሃል ሶስ የሚወጣው እኛ አገር ብቻ ነው።

ማርማላታ (9፡47)
የሚያረጋው ነገር የሎሚ ፍሬና ነጩ ልጣጭ ውስጥ ነው፣ ሳቅ። ነጩን ግን ለዚህ አትጠቀሚ፣ ምሬት ያመጣል። የብርቱካን ልጣጭ ብትጨምሪም ላይኛውን ብርቱካናማውን ብቻ ፋቂ።

የካዛንቺስ ልጅ (9፡50)
ከሰሉስ? በኃይል አፍይ ስትላት፣ በኋላ ደግሞ ፍሬው ሲገባ ይይዝባታል።

ማርማላታ (9፡53)
እውነትህን ነው። ፈሳሹ ሲፈላ ከሰሉን አራግቢው። ፍሬውን ስትመልሺ አመድ አልብሺው፣ ወይም ፍሙን ወደ ምድጃው ዳር ግፊና ድስቱን መሃል ላይ አሳርፊ።
ሲወርድ በጎድጓዳ ሳህን አታስቀምጪው፣ መሃሉ እስኪቀዘቅዝ ሌሊት ይሆናል። 2 ወይም 3 ሳንቲ ሜትር ከፍታ ሆኖ ዝርግ ትሪ ላይ ዘርጊ፣ ትሪውን ቀዝቃዛ ውሃ ያለበት ሳፋ ላይ አስቀምጪ። ውሃው ሞቅ ሲል ቀይሪው። አንዴ መያዝ ከጀመረ በማንኪያ አትነካኪው፣ የተነካካ ተመልሶ አይዝም። መብራት ከመጣ ፍሪጅ።

ወይዘሪት ሽሮ (9፡58)
ይህ ሁሉ ለምን? 1 የሾርባ ማንኪያ ኮርን ፍላወር በ2 ማንኪያ ቀዝቃዛ ውሃ በጥብጣ ብትጨምር በ2 ደቂቃ ያልቃል። ሦስተኛዬ ነው እንግዲህ።

የሆቴል ኩሽና (10፡02)
እሜቴ፣ ሰዓት ከጠፋ መጨረሻ ላይ ይሠራል። ሁለት ነገር ግን ይወቁ። አንደኛ ቀለሙ ይደበዝዛል፣ ያ መስታወት የመሰለ ቀይ አይኖርም። ሁለተኛ አሲድ ያለበት ሶስ ውስጥ ስታርች ብዙ ሲፈላ ተመልሶ ይቀጥናል። ከተጨመረ 1 ደቂቃ አፍልቶ ማውረድ ነው።

ጋሽ አራዳ (10፡06)
ለሚቀጥለው ዓመት ከአሜሪካ ሻንጣ መጠበቅ አያስፈልግም። የከርከዴ አበባ አለ፣ ቀይ ነው፣ ጎምዛዛ ነው...

የካዛንቺስ ልጅ (10፡08)
ጋሼ፣ ከርከዴ ክራንቤሪ አይደለም። ጥሩ ቀይ ሽሮፕ ይወጣዋል፣ ፍሬ ግን የለውም፣ ሲበላ የሚነከስ ነገር የለም። አጋም ይሻላል ቢሉኝ እስማማለሁ።

ጋሽ አራዳ (10፡09)
አጋሙን አራት ኪሎ አምጣልን እንግዲህ።

ሚሚ አራት ኪሎ (10፡14)
ድስቱ አልሙኒየም ነበር፣ ቀይሬዋለሁ። አጠለልኩት፣ ወደ 3 ብርጭቆ ፈሳሽ ወጣ። ዘይቱን ልጁ ሊያመጣ ሄዷል። እየፈላ ነው። መብራት መጣ፣ አሁን ደግሞ ሄደ።

ማርማላታ (10፡16)
3 ብርጭቆው ወደ 1 ተኩል ሲወርድ ሳህኑ ላይ ሞክሪው። ስኳር እንዳትጨምሪ፣ ከደረቁም የገባ አለ።

ፉል በዳቦ (12፡40)
ሚሚ?

ወይዘሪት ሽሮ (1፡20)
እንግዶቹ ገብተዋል ማለት ነው። ኮርን ፍላወር ሳይሆን አይቀርም ያዳናት።

ቀበና ማዶ (በማግሥቱ 3፡10)
ጥያቄ ለባለሙያዎች፦ የተረፈ ሶስ ስንት ቀን ይቆያል? ለገና ማስቀመጥ ይቻላል?

የሆቴል ኩሽና (3፡25)
ንጹሕና ደረቅ የጠርሙስ ዕቃ ውስጥ ከድነህ ፍሪጅ ብታስገባው ከ10 ቀን እስከ 2 ሳምንት። ለገና ከሆነ ፍሪዘር፣ ያውም አፉ ላይ 2 ጣት ክፍት ቦታ ትተህ፤ ሲበርድ ስለሚያብጥ ጠርሙሱን ይሰነጥቃል። ሲቀልጥ ትንሽ ውሃ ይለቃል፣ አማስለህ አንዴ አፍላው።